ጊዜን የሚገድብ ድንጋይ

ሰው ከጥንት ጀምሮ ከሁለት ብርቱ ነገሮች ጋራ ሲታገል ይኖራል፤ አንደኛው ርቀት ነው፤ ሁለተኛው ጊዜ ነው። ርቀትን በፈረስና በመርከብ፣ ኋላም በባቡርና በአውሮፕላን እያሳጠረው ሄደ። ጊዜን ግን ባለጠጋ በገንዘቡ፣ ንጉሥም በሠራዊቱ ሊያስቆመው አልቻለም። ሰው በእጁ ያጣውን ነገር በአሳቡ መፈለግ ልማዱ ነውና፣ ሞትን የሚያርቅ መድኀኒት፣ ሽማግሌውን ወደ ጕልማስነት የሚመልስ ምንጭ፣ ይህንም የመሰለ ብዙ ነገር በየአገሩ ተረት ውስጥ ይገኛል። ከነዚህ አሳቦች መካከል እጅግ የሚያስደንቀውና ብዙ ትምህርት የሚገኝበት፣ ጊዜን እንደ ወራጅ ውሃ የሚገድብ የድንጋይ ሕንፃ ነገር ነው።

ይህን አሳብ በሰፊው የጻፈው ቴሪ ፕራቸት የሚባል የእንግሊዝ አገር ደራሲ ነው። ፕራቸት በ1948 ዓ. ም. ተወለደ፤ በ2015 ዓ. ም. ሞተ። በዚህ ጽሑፍ የሚገኙት ዓመታት ሁሉ በአውሮጳውያን አቈጣጠር ናቸው። አስቀድሞ ጋዜጠኛ ነበረ፤ ኋላ ግን በአሳቡ ስለ ፈጠረው ዲስክወርልድ ስለሚባል ዓለም 41 የልብ ወለድ መጻሕፍት ጻፈ፤ የመጀመሪያው በ1983 ዓ. ም. ታተመ። ያ ዓለም እንደ ምጣድ ጠፍጣፋና ክብ ነው፤ በአራት ዝሆኖች ጀርባ ላይ ተጭኗል፤ ዝሆኖቹም በሰማይ ጠፈር ውስጥ በምትዋኝ በአንዲት እጅግ ታላቅ ኤሊ ጀርባ ላይ ቆመዋል። እንዲህ ያለ ዓለም እንደሌለ ጸሐፊውም አንባቢውም ያውቃሉ። ነገር ግን መልካም ተረት እውነትን በሌላ ልብስ አልብሶ ማሳየት ይችላልና፣ በዚያ ዓለም የሚሆነውን ነገር የሚያነብ ሰው የራሱን ዓለም አጥርቶ ያያል። ጊዜን የሚገድበው ድንጋይ የሚገኘው ከነዚህ መጻሕፍት በሰባተኛው፣ በ1989 ዓ. ም. በታተመውና «ፒራሚዶች» በሚባለው ውስጥ ነው።

ፒራሚድ ማለት ከታች ሰፊ ሆኖ ወደ ላይ እየጠበበ ሄዶ በአንድ ጫፍ የሚያልቅ ሕንፃ ነው። በግብፅ አገር የጥንት ነገሥታት ለመቃብራቸው ያሠሩት እንዲህ ያለውን ነው። የፕራቸትም ተረት ግብፅን የሚመስል ጄሊቤቢ የሚባል የቈየ መንግሥት ይናገራል። ይህ መንግሥት ጄል በሚባለው ወንዝ ዳርና ዳር የተዘረጋ ነው፤ ርዝመቱ 240 ኪሎ ሜትር ያህል ሲሆን ስፋቱ ከ3 ኪሎ ሜትር ብዙ አይበልጥም። ዕድሜው ግን 7,000 ዓመት ነው። በነዚህ ዓመታት ሁሉ የሞቱት ነገሥታት እያንዳንዳቸው ፒራሚድ ተሠርቶላቸው፣ የወንዙ ዳር በፒራሚድ ተሞልቷል።

የነዚህ ፒራሚዶች ኀይል እንዴት እንደ ሆነ ለመረዳት የገበሬን ሥራ ማሰብ ይበቃል። ገበሬ የሚወርደውን ወንዝ በድንጋይና በጭቃ ቢገድበው ውሃው ይቆማል፤ ከግድቡም በስተ ኋላ እየተጠራቀመ ይነሣል። ገበሬውም የተጠራቀመውን ውሃ በቦይ እየመራ፣ በራሱ ፈቃድ ወደማይሄድበት ስፍራ ይወስደዋል። በዚያ በተረቱ ዓለም ጊዜም እንደ ወንዝ ይፈሳል። ብዙ ድንጋይ በልክ ተጠርቦ፣ በሚገባው አቅጣጫ ዞሮ፣ በፒራሚድ ቅርጽ ሲከመር ለጊዜ ግድብ ይሆንበታል። ድንጋዩ ለብቻው ተራ ድንጋይ ነው፤ ኀይሉ ከብዛቱና ከአሠራሩ ይመጣል።

በፒራሚዱ መካከል ባለችው ጠባብ ክፍል ውስጥ ጊዜ ይቆማል፣ ወይም ወደ ኋላ ይመለሳል። የደነዘ ምላጭ በዚያ ቢቀመጥ ስለታም ሆኖ ይገኛል፤ ይኸውም ሞረድ አግኝቶ ሳይሆን፣ ገና ሳይደነዝ ወደ ነበረበት ቀን ተመልሶ ነው። በክፍሉ ውስጥ ሊያልፍ ይገባው የነበረው ጊዜ ግን አይጠፋም፤ በድንጋዩ ውስጥ ተጠራቅሞ ይቈያል። ማፍሰሻ የሌለው ግድብ መፍረሱ አይቀርምና፣ ፒራሚዶቹ በየሌሊቱ ከጫፋቸው እንደ ነበልባል ያለ ብርሃን ወደ ሰማይ ይለቃሉ። የዚያ አገር ሰዎች በየሌሊቱ የሚያዩት ብርሃን ሳይኖሩበት የቀረው ጊዜ ሲቃጠል ነው።

የመጀመሪያዎቹ ሠሪዎች ይህን ሁሉ ያውቁ ነበር። ሊሞት የደረሰውን ንጉሥ በዚያች ክፍል ቢያስተኙት ጊዜ አያልፍበትምና አይሞትም ብለው ሠሩት። በርግጥም አይሞትም፤ ነገር ግን አለመሞትና መኖር አንድ አይደሉም። ዘመን ባለፈ ቍጥር ግን ጥበቡ ተረሳ፤ ልማዱ ብቻ ቀረ። ኋለኞቹ ሰዎች ንጉሡ ከሞተ በኋላ ሬሳውን በመድኀኒት አድርቀው፣ ሆድ ዕቃውንም አውጥተው በጋን እያስቀመጡ፣ ብዙ ጸሎትና ሥርዐት ካደረሱ በኋላ በፒራሚዱ ውስጥ ይዘጉበት ጀመር። ሕያውን ለማዳን የታሰበው ሥራ ሬሳን ለማኖር ዋለ። ደግሞም የቀደሙት ጠቢባን ፒራሚድን ከልኩ አሳልፎ ማግዘፍ ክፉ ነገር እንደሚያመጣ ዐውቀው ይጠነቀቁ ነበር፤ ኋለኞቹ ግን ምክንያቱን ስላላወቁት ልኩንም አላወቁትም።

ከዚህም የተነሣ በጄሊቤቢ ላይ ሁለት ጕዳት ደረሰ። አንደኛው በገንዘብ የሚቈጠር ነው። ለያንዳንዱ ንጉሥ ፒራሚድ ሲሠራ የመንግሥቱ ሀብት አለቀ፤ አገሪቱም በብድር ተያዘች። መልካሙን የወንዝ ዳር ምድር የያዙት ሙታን ናቸው፤ የተረፈውን የሚያርሱት ሕያዋን ግን ያረሱት ሁሉ ወደ መቃብር ሥራ ይሄድባቸዋል። ሁለተኛው ጕዳት በዐይን የማይታይ ስለ ሆነ ከፊተኛው ይብሳል። ፒራሚዶቹ ያሳለፉትን ጊዜ ደግመው ደጋግመው ስለሚመልሱት አዲስ ጊዜ ወደ አገሪቱ አይገባም። ዛሬ እንደ ትናንት ነው፤ ነገም እንደ ዛሬ ይሆናል። ጎረቤቶቻቸው ኤፌቤና ጾርት መርከብ ሲሠሩ፣ ፍልስፍና ሲማሩ፣ በጄሊቤቢ ግን የአያት ቅድመ አያት ጧት ያለማቋረጥ ይነጋል።

የዚህ ልማድ ጠባቂ ዲዮስ የሚባለው ሊቀ ካህናት ነው። ዲዮስ እንደ አገሪቱ ሺሕ ዓመታት የኖረ ሰው ነው፤ ወደ ፒራሚድ እየገባ ሽምግልናውን ጥሎ ይወጣልና። ክፉ ሰው ግን አይደለም፤ አይሰርቅም፣ ሹመትና ሀብትም ለራሱ አይፈልግም። ሥርዐቱን ከነጥቃቅኑ ሁሉ ያውቃል፤ ሥርዐቱ ለምን እንደ ተሠራ ግን ረስቷል። ንጉሥ ቢመጣ ንጉሥ ቢሄድ የሚፈርደው እርሱ ነው፤ ንጉሡ አንድ ቃል ሲናገር ዲዮስ ንጉሡ ይህን ፈቀደ እያለ ልማድ ያዘዘውን ያውጃል።

ተረቱ ሲጀምር የጄሊቤቢ ንጉሥ 27ኛው ቴፒሲሞን ይሞታል። ልጁ ቴፒክ አንክ ሞርፖርክ በምትባል በሩቅ ከተማ በትምህርት ላይ ነበረ። ትምህርት ቤቱ በገንዘብ ነፍስ የሚያጠፉ ሰዎች ጥበባቸውን የሚያስተምሩበት ነው፤ ቴፒክ ግድግዳ መውጣትንና ሰይፍ መምዘዝን ቢማርም ሰው ለመግደል ልቡ እንቢ አለው። አባቱ ሲሞት ወደ አገሩ ተመልሶ ነገሠ። በከተማ የውሃ ቧንቧና የላባ ፍራሽ አይቶ ስለ ነበረ ለአገሩ እንዲህ ያለውን ለማምጣት አሰበ። ነገር ግን በአፉ የተናገረው ሁሉ በዲዮስ አፍ ሲወጣ ሌላ ነገር ሆኖ አገኘው። ንጉሥ ተባለ እንጂ አንዲት ቧንቧ እንኳ ማስገባት አልቻለም።

አባትየው በሕይወቱ ሳለ ፒራሚድን ይጠላ ነበር። ከሞተ በኋላም መንፈሱ ሬሳውን በሚያደርቁት ሰዎች አጠገብ ቆሞ፣ እባካችሁ በድንጋይ አትዝጉብኝ እያለ ቢለምን የሚሰማው አላገኘም። ልጁ ግን ከአባቱ ርቆ በመኖሩ ይጸጸት ነበር። ጸጸትም ብዙ ጊዜ ሰውን ወደ ከንቱ ወጪ ይመራዋልና፣ ለአባቱ ክብር ከቀደሙት ሁሉ የሚበልጥ ፒራሚድ እንዲሠራ አዘዘ። የሕንፃ ሥራ አለቃው ፕታክላስፕ ትልቅ ሥራ በማግኘቱ ደስ ቢለውም የዋጋው ነገር አስፈራው፤ ንጉሡ ባለ ዕዳ እንደ ሆነ ያውቅ ነበርና። እንዲህም ሆኖ አንድ ልጅ አባቱን አከብራለሁ ሲል፣ አባቱ የጠላውን ነገር ያውም በዕዳ ገንዘብ ሠራለት።

በዚያው ወራት ሌላ ነገር ደግሞ ተነሣ። በአገሩ ሥርዐት ንጉሥ ሲሞት ደንገጡሮቹ መርዝ ጠጥተው እንዲከተሉት ይጠበቃል። ማንም በግድ አያጠጣቸውም፤ ነገር ግን እንቢ ያለች ሴት ታይታ አትታወቅም። ፕትሬሲ የምትባለው ደንገጡር ግን አልጠጣም አለች። ለምን ብለው ቢጠይቋት መሞት አልፈልግም አለች እንጂ ሌላ ምክንያት አልሰጠችም። በዚያች አገር ውስጥ ግን ከዚህ ቃል የበለጠ አዲስ ቃል ከብዙ ሺሕ ዓመት ወዲህ አልተሰማም። ቴፒክ ልቀቋት ብሎ ፈረደ፤ ዲዮስ ግን ንጉሡ ለአዞ ትሰጥ ብሏል ብሎ ዐወጀ። ቴፒክ በሌሊት ልብሱን ለውጦ ከወኅኒ አወጣት። ንጉሡ በራሱ መንግሥት ውስጥ አንዲት ነፍስ ለማዳን እንደ ሌባ መሸሸግ አስፈለገው።

የታላቁ ፒራሚድ ሥራ እየገፋ በሄደ ጊዜ ድንጋዩ ገና ሳያልቅ ጊዜን ያጣምም ጀመር። አንድ ሠራተኛ ከትናንቱና ከነገው ራሱ ጋራ አብሮ ድንጋይ ሲጐትት ታየ። የሥራው አለቃ መጀመሪያ ደነገጠ፤ ኋላ ግን ሠራተኛ ስለ በዛለት ወደደው። ይህ የሰው ጠባይ ነው፤ የሚያስፈራ ምልክት ትርፍ ይዞ ከመጣ ምልክትነቱ ይረሳል። ከልጆቹ አንዱ፣ መሐንዲሱ፣ ግድቡ ከልኩ እንዳለፈ፣ ጊዜው መውጫ ካላገኘም ጥፋት እንደሚመጣ ተረዳ። ነገር ግን ጫፉ ሳይገጠምና ማፍሰሻ ሳይደረግለት ቀኑ ደረሰ። የተጠራቀመው ኀይል ፒራሚዱን በቦታው ጠመዘዘው፤ አገሪቱም በሞላዋ ከምድር ላይ ጠፋች። 240 ኪሎ ሜትር ያህል አገር የነበረበት ስፍራ እንደ ቀጭን ስንጥቅ ሆነ። ጄሊቤቢ በመካከላቸው ስላለች ሳይገናኙ ይኖሩ የነበሩት ኤፌቤና ጾርት በድንገት ፊት ለፊት ተያዩና ለጦርነት ተሰለፉ።

በጠፋችውም አገር ውስጥ የባሰ ነገር ነበረ። ሰዎች ያመኑት ሁሉ እውነት ሆኖ ተገለጠ። በየዘመኑ ስማቸው የተጠራው አማልክት ሁሉ በአንድ ቀን መጥተው ፀሐይን የእኔ ናት የእኔ ናት እያሉ ይነጣጠቋት ጀመር። ካህናቱም እርስ በርሱ የማይስማማ ነገር ሲያስተምሩ የኖሩ መሆናቸውን ያን ጊዜ አወቁ። የሞቱት ነገሥታትም ከየፒራሚዳቸው ወጡ። እነርሱም ዘላለማዊ ክብር አግኝተው የኖሩ አልነበሩም፤ መሄጃ አጥተው በድንጋይ ውስጥ ታስረው የቈዩ ነበሩ እንጂ። ሕያዋን ለብዙ ሺሕ ዓመት ሀብታቸውን ያፈሰሱበት ሥራ ለሙታን ወኅኒ ሆኖ ተገኘ።

ቴፒክ ከውጭ አገር ሆኖ ይህን አይቶ ዝም ማለት ይችል ነበር፤ ነገር ግን በስንጥቁ በኩል ተመልሶ ገባ። የቀድሞ ነገሥታት አንዱ ባንዱ ትከሻ ላይ ቆመው መሰላል ሆኑለት፤ እርሱም በትምህርት ቤት በተማረው የመውጣት ጥበብ እስከ ጫፉ ደረሰ። በጫፉ ላይ መውጫ ሲያገኝ የተገደበው ጊዜ ሁሉ በአንድ ጊዜ ፈነዳ። ጊዜ የሰጠው ቅል ድንጋይ ይሰብራል ይባላል፤ የ7,000 ዓመት ድንጋይ በአንድ ወጣት እጅ ፈረሰ። አገሪቱ ወደ ቦታዋ ተመለሰች፤ ሙታኑም ተፈትተው ወደሚገባቸው ሄዱ። ዙፋኑን ግን ቴፒክ አልፈለገውም፤ መርዝ አልጠጣም ላለችው ለፕትሬሲ ተወላት። እርስዋም ሌላ ፒራሚድ አላሠራችም።

ዲዮስ ግን በፍንዳታው ተወርውሮ ከ7,000 ዓመት በፊት ወደ ነበረው ጊዜ፣ ወደ አገሪቱ መጀመሪያ ተመለሰ። በዚያም ያለፈውን ሁሉ ረስቶ፣ መንግሥቱን ለሚመሠርተው ሰው ምክር መስጠት ጀመረ። ያም ሰው ምክሩን ተቀበለ። ምክንያቱን ረስቶ ልማዱን ብቻ የያዘ ሰው ወደ ፊት ሄድሁ ሲል ክብ ይዞራል፤ ደራሲው የዲዮስን ፍጻሜ ከመጀመሪያው ጋራ የገጠመው ይህን ለማሳየት ነው።

እንግዲህ አንባቢ፣ ጊዜን የሚያዘገይ ድንጋይ በእውነተኛው ዓለም ይገኛልን ብሎ ቢጠይቅ፣ መልሱ የሚያስደንቅ ነው፤ ድንጋይ ሁሉ ጊዜን ያዘገያል። አልበርት አይንሽታይን የተባለው ሊቅ በ1915 ዓ. ም. ባወጣው ትምህርት፣ ክብደት ያለው ነገር ሁሉ በአጠገቡ ያለውን ጊዜ በጥቂቱ እንደሚያዘገይ አስረዳ። ነገሩ በምርመራ ተረጋግጧል። በ1960 ዓ. ም. ሮበርት ፓውንድና ግሌን ሬብካ የተባሉ ሊቃውንት በአሜሪካ በሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ፣ 22.5 ሜትር ያህል ከፍታ ባለው ግንብ ውስጥ ጨረር ከላይ ወደ ታች፣ ከታችም ወደ ላይ እየላኩ ልዩነቱን ለኩት። በ2010 ዓ. ም. ደግሞ በዚያው በአሜሪካ አገር፣ በኮሎራዶ፣ ሁለት እጅግ ትክክለኛ ሰዓቶች ተወስደው አንዱ ከሌላው 33 ሳንቲ ሜትር ብቻ ከፍ ቢደረግ፣ ለምድር የቀረበው ሰዓት ዘግይቶ ተገኘ። እንግዲህ ከምድር ቤት የተቀመጠ ሰው ፎቅ ላይ ከተቀመጠው ይልቅ ጊዜው ይዘገይለታል ማለት ነው። ልዩነቱ ግን እጅግ ጥቂት ስለ ሆነ በሰው ዕድሜ ሁሉ ሊታወቅ አይችልም።

ይህ ከንቱ ዕውቀት አይደለም። መርከብና አውሮፕላን መንገዳቸውን የሚያውቁት በሰማይ ከሚዞሩ ሳተላይቶች በሚመጣ ምልክት ነው። በነዚያ ሳተላይቶች ላይ ያሉት ሰዓቶች ከምድር ክብደት ስለ ራቁ ይፈጥናሉ፤ ፍጥነታቸው ደግሞ በጥቂቱ ያዘገያቸዋል። ሁለቱ ሲቻቻሉ፣ በምድር ላይ ካለው ሰዓት በቀን 38 የሰከንድ ሚሊዮንኛ ያህል ይቀድማሉ። ይህ ሳይታረም ቢቀር መሪው በአንድ ቀን ብቻ ብዙ ኪሎ ሜትር ያህል ይሳሳታል።

አሁን ወደ ፒራሚድ ቢመለሱ እውነተኛው ነገር ከተረቱ ይልቅ ያስተምራል። በግብፅ አገር በጊዛ የሚገኘው የንጉሥ ኩፉ ፒራሚድ የተሠራው ከክርስቶስ ልደት በፊት በ2560 ዓመት ገደማ ነው። የአንዱ ጎን ርዝመት 230 ሜትር ያህል ነው፤ ከፍታው በተሠራ ጊዜ ከ146 ሜትር ይበልጥ ነበር። 2.3 ሚሊዮን ያህል ድንጋይ እንደ ገባበት ይገመታል፤ ክብደቱም 6 ሚሊዮን ቶን ያህል ነው። ለ3,800 ዓመት ገደማ በሰው እጅ ከተሠራው ሕንፃ ሁሉ ከፍተኛው እርሱ ነበረ። ይህ ሁሉ ድንጋይ በመካከሉ ያለውን ጊዜ ምን ያህል አዘገየው? በአይንሽታይን ትምህርት በግምት ሲሰላ፣ በ4,500 ዓመት ውስጥ ያዘገየው ከአንድ ሰከንድ ከመቶ ሚሊዮን እጅ አንድ እጅ ያህል ነው። ዐይን ለመጥቀስ የሚበቃው ጊዜ ከዚህ ከ10 ሚሊዮን እጥፍ በላይ ይሆናል። ከምድር ሁሉ የበለጠው የንጉሥ መቃብር፣ በዘመኑ ሁሉ፣ ከጊዜ ላይ ያተረፈው ይህን ነው።

ጊዜ ግን በበኩሉ ከፒራሚዱ ላይ ብዙ ወስዷል። በላዩ የነበረው የሚያብረቀርቅ ነጭ ድንጋይ አብዛኛው ተነቅሎ ለሌላ ሕንፃ ውሏል፤ ጫፉ ጠፍቷል፤ ከፍታውም ወደ 138 ሜትር ዝቅ ብሏል። በውስጡ ባለው ክፍል የተገኘው የድንጋይ ሣጥን ክዳን የለውም፤ ባዶም ነው። የንጉሡ ሬሳ የለም።

ከዚያ ሕንፃ በስተ ደቡብ ግን ሌላ ነገር ተገኝቷል። ከ1990 ዓ. ም. ጀምሮ የፒራሚድ ሠሪዎች መቃብር እየተቈፈረ ሲወጣ፣ ከሠራተኞቹ አጥንት መካከል ተሰብሮ የነበረ፣ ነገር ግን በሚገባ ተጠግኖ የዳነ ክንድ ተገኘ። ስሙ ያልታወቀ አንድ ወጌሻ፣ የተጐዳውን ሰው ክንድ አቅንቶ አሰረለት፤ ሰውየውም ድኖ ብዙ ቀን ኖረ። 6 ሚሊዮን ቶን ድንጋይ ለንጉሡ አንዲት ቀን መጨመር አቃተው፤ ስንጥርና የሰው እጅ ግን ለድኻው ሠራተኛ ጤናማ ዓመታት መለሱለት።

ከዚህ ሁሉ የሚገኘው ትምህርት ድንጋይ የተናቀ ነገር ነው፣ የጥንት ሥራም ከንቱ ነው የሚል አይደለም። በድንጋይ የተሠራ ድልድይ መንገደኛውን ያሻግራል፤ በድንጋይ የተከበበ ጕድጓድ ጥሙን ያረካል፤ በድንጋይ የተሠራ ቤት ልጆችን ከዝናብ ይጠብቃል። ጥንታውያን የሠሩትን መጠበቅና ማክበርም የሚገባ ነገር ነው። ሕንፃ ጊዜን ለሚያልፉበት ሰዎች ሲያገለግል መልካም ነው፤ ጊዜን እንዳያልፍ ለማገድ ሲሠራ ግን የሚያግደው ጊዜን ሳይሆን ሰዎችን ነው።

አባቱን ሊያከብር የሚወድ ልጅም የቴፒክን ጥፋት ያስተውል። አባት ለልጁ ምን እንደ ወደደ፣ ምንንስ እንደ ጠላ ማወቅ ከሁሉ ይቀድማል። በሕይወት ሳለ ያልተጠየቀ አባት ከሞተ በኋላ በትልቅ ተዝካርና በትልቅ ሐውልት አይካስም። ለሙት ክብር ተብሎ በዕዳ የሚወጣ ገንዘብ ከሕያዋን አፍ የሚነጠቅ እንጀራ ነው። ባልዋ የሞተባት ሴት፣ አባት የሌለው ልጅ፣ የደከመች እናት በደጅ ሳሉ፣ መቃብሩን ማሳመር ለሟቹ ክብር አይጨምርለትም።

ልማድን የተቀበለ ሁሉ ደግሞ ልማዱ ለምን እንደ ተሠራ ይጠይቅ። ምክንያቱ ከታወቀ ልኩም ይታወቃል፤ ጠቃሚው ይጠበቃል፣ ያረጀውም በክብር ይቀመጣል። የጄሊቤቢ ሰዎች ሁሉ ለሺሕ ዓመታት በትጋት ሠሩ፤ ከነርሱ መካከል ግን ይህ ለምን ሆነ ብሎ የጠየቀ ሰው ስላልነበረ ትጋታቸው ሁሉ ለራሳቸው ወኅኒ ሆነባቸው። መርዙን አልጠጣም ያለችው ደንገጡር በአንድ ቃል ብቻ ከዲዮስ ጥበብ ሁሉ በለጠች።

ጊዜ ወንዝ ነውና ይሄዳል። የሚገድበው ድንጋይ አልተገኘም፤ ተገኘ ቢባል እንኳ የሚያተርፈው ከሰከንድ የመቶ ሚሊዮን እጅ አንድ እጅ ብቻ ነው። በአጠገቡ ያለው ሰው ግን በሚሄደው ወንዝ እርሻውን ያጠጣል፣ ወፍጮውን ያዞራል፣ ለተጠማው መንገደኛም በቅል ቀድቶ ይሰጣል። ይህን ያደረገ ሰው ፒራሚድ ባይኖረውም ዘመኑ በከንቱ አላለፈም።